«ልጅ ነው፣ ይረሳዋል» ይሉኛል

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ ዶክተር። የምኖረው አዳማ ነው። የማሳድገው የእህቴ ልጅ 8 ዓመቱ ነው። ከ3 ወር በፊት ከትምህርት ቤት ሲመለሱ ጓደኛውን ዓይኑ እያየ ባጃጅ ገጨው። ጓደኛው ተርፏል። ያን ሰዓት ግን ሰው ከቦ በስልክ ይቀርፅ ነበር እንጂ ቶሎ ያነሳው አልነበረም። ከዚያ ወዲህ አልጋው ላይ ይሸናል፤ ሌሊት እየጮኸ ይነቃል። ቀን ደግሞ ቆርኪ እየደረደረ አንዱን በሌላው ይገጫል፤ ያንኑ ይደጋግማል። ጎረቤት «ልጅ ነው፣ ይረሳዋል» ይለኛል። ጠበል ልውሰደው ወይስ ሐኪም ቤት?

መልስ፦ እህቴ፣ የቆርኪውን ነገር እንኳን ጻፉልኝ። ልጅ በአፉ ማውራት ያቃተውን በጨዋታ ያወጣዋል። እስቲ ልብ ብለው ይዩት፤ የወደቀውን ቆርኪ ያነሳዋል? ካላነሳው፣ የከበደው ግጭቱ ብቻ ላይሆን ይችላል። ያ ሁሉ ሰው ቆሞ ማየቱም ነው። «እኔም ብወድቅ የሚያነሳኝ የለም» ብሎ ይሆናል። «ይረሳዋል» ብለን ስንተወው ደግሞ እውነትም የለም እንለዋለን።

ስለዚህ አጠገቡ መሬት ላይ ቁጭ ይበሉ። ጨዋታውን አይከልክሉት። ትንሽ ቆይተው «ይሄኛው ወደቀ እኮ፣ ማን ያንሳው?» ይበሉት። ካወራ ይስሙት፤ ዝም ካለ አያስጨንቁት።

በመሽናቱ አይቆጡት፤ በሰው ፊትም አያንሱበት። ደርቆ ያድር የነበረ ልጅ ሲደነግጥ እንደገና ሊጀምረው ይችላል። ሽንቱ ግን ይመርመር፤ ኢንፌክሽን ወይም ስኳርም እንዲህ ያደርጋል።

ብዙ ልጆች በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት እየቀለላቸው ይሄዳል። 1 ወር ካለፈ ግን አንጠብቅም። ጤና ጣቢያ ሄደው ወደ አእምሮ ሕክምና ሪፈር ያጽፉለት። ሕክምናው በዋናነት ንግግር ነው። ባለሙያው ልጁ ያየውን በወሬም በሥዕልም ቀስ በቀስ እንዲያወጣው ያግዘዋል፤ ፍርሃቱ ሲመጣ ምን እንደሚያደርግ ያለማምደዋል። እርስዎም አብረው ይገባሉ። ማስተኛ ኪኒን ከፋርማሲ ገዝተው እንዳይሰጡት፣ አደራ። «ሞቼ ባረፍኩ» ዓይነት ነገር ከተናገረ በዚያው ቀን ሆስፒታል ይውሰዱት።

ጠበሉንም ይውሰዱት፤ ሐኪም ቤቱ ግን በእሱ ምክንያት አይቅር።

ለጊዜው ትምህርት ቤት እርስዎ ያድርሱት፣ እርስዎ ይመልሱት። ባጃጅ ሰምቶ ቀጥ ካለ አይጎትቱት። እጁን ይዘው አብረውት ይቁሙ፤ እስኪረጋጋ ድረስ።