ፊልሙ አልተበላሸም፣ ሲታተምም ግልብጥ ነው

ወንድሜ፣ «ከአሮጌ ዕቃ ገበያ 3 ደቂቃ የምትሆን የ16 ሚሊ ሜትር የሙዚቃ ፊልም ገዛሁ፤ ጽሑፉ ተገልብጧል፣ ጊታሪስቱም ግራኝ ሆኗል፤ ተሸወድኩ እንዴ?» ላልከው፣ ኧረ አልተሸወድክም። እንዲያውም ደስ ይበልህ።

እኔም እዚሁ ሜሪላንድ አንዷን ገዝቼ እንዳንተው ደንግጫለሁ። የጠቀለላት ሰው ተሳስቶ ነው ብዬ ገልብጬ ፕሮጀክተሩ ውስጥ ከተትኳት። ለካ የእንዲህ ዓይነቱ ፊልም ቀዳዳ በአንድ ጠርዝ ብቻ ነው፤ በሌላው ጠርዝ የሚሄደው የድምፁ መስመር ነው። የማሽኑ ጥርስ ቀዳዳ ሲያጣ መስመሩን እየበሳ ሄደ። ዛሬም ስትዘፍን መሃል ላይ ጠ-ጠ-ጠ ትላለች። አደራ፣ እንዳትሞክረው።

የያዝከው «ሳውንዲ» የሚባለውን ነው። አሜሪካ ውስጥ እስከ 1947 እ.ኤ.አ. ድረስ፣ መጠጥ ቤትና ምግብ ቤት ለሚቆም «ፓኖራም» ለተባለ ማሽን ይሠራ ነበር። ማሽኑ የቺካጎው ሚልስ ኖቨልቲ ኩባንያ ነው። ከሰው የሚረዝም ቁምሳጥን አስብ። ፕሮጀክተሩ ሆዱ ውስጥ ነው፤ ብርሃኑ በመስታወት እየታጠፈ ወጥቶ ስክሪኑን ከጀርባ ይመታዋል። ፊት ለፊት ለቆመው ሰው ቀጥ ብሎ እንዲታይ ነው እንግዲህ ፊልሙን ገልብጠው ያተሙት። በኋላ ለቤት መመልከቻ የታተሙት ቀጥ ያሉ ናቸው፤ ያንተዋ ከማሽን የወጣች ትመስላለች።

ያኔ አሥር ሳንቲም ስትከት አንድ ዘፈን ታያለህ። የቱን? እሱ የዕድልህ ነው። 8 ፊልም በአንድ ሪል ተቀጣጥሎ ስለሚዞር፣ ከፊትህ የነበረው ሰው ካየው ቀጥሎ ያለው ይደርስሃል። ሳንቲም ከትተህ ዘፈን የምትሰማበት ጁክቦክስ እንኳ ያስመርጣል! ግን ደግሞ እንደ ፋትስ ዎለር፣ ካውንት ቤዚ፣ ዶሮቲ ዳንድሪጅ ያለ ዝነኛ ሊደርስህ ይችላል። በ1973 እ.ኤ.አ. አዲስ አበባ መጥቶ የተጫወተው የጃዝ ሙዚቀኛ ዱክ ኤሊንግተን ራሱ ሳውንዲ ሠርቷል።

ከማጫወትህ በፊት አሽትታት። ኮምጣጤ ኮምጣጤ ካለች መበላሸት ጀምራለችና ቶሎ በዲጂታል አስቀዳት፤ ምስሉን ኮምፒውተር ላይ ማዞር ቀላል ነው።

ደህና ከሆነች ግን የእኔን ዘዴ ሞክር። በር ላይ ነጠላ ወጥር። ፕሮጀክተሩን ከአንዱ ክፍል አብርተህ አንተ በወዲያኛው ክፍል ተቀመጥ። ጊታሪስቱ ወደ ቀኝ እጁ ይመለስልሃል። ነጠላው ስስ ይሁን ብቻ፤ እኔ መጀመሪያ በጋቢ ሞክሬ ድምፁን ብቻ ሰምቼ ነው የተነሳሁት።