መልስ፦ ከቫራይቲ ሾው ወደ ኮሜዲ ድራማ
ወንድሜ፣ "የቫራይቲ ሾው (ሙዚቃና ጭውውት የሚፈራረቁበት የቴሌቪዥን ዝግጅት) ዳይሬክተር ካሜራ ከማቀያየር ውጪ ምን ይሠራል? ወደ ኮሜዲ ድራማስ መሻገር ይችላል?" ላልከው፣ የአሜሪካዊቷን የቤዝ ማካርቲ ሚለርን ሥራ ተመልከት። የጀመረችው ኤምቲቪ በተባለው የሙዚቃ ቴሌቪዥን ጣቢያ ነው። እ.ኤ.አ. የ1993ቱን የሮክ ባንዱን የኒርቫናን "አንፕላግድ" የሙዚቃ ዝግጅት ዳይሬክት ያደረገችው እሷ ናት። ከ1995 እስከ 2006 ደግሞ "ሳተርደይ ናይት ላይቭ" በተባለው በቀጥታ የሚተላለፍ የቫራይቲ ሾው ላይ ሠራች።

እዚያ ነገሩ ከባድ ነው። ቅዳሜ ማታ መጀመሪያ ተመልካች ባለበት ሙሉ ልምምድ ይደረጋል። ከዚያ አንዳንዱ ጭውውት ይጣላል፣ የሌላው ጽሑፍ ይቀየራል። ለእኩለ ሌሊት ግማሽ ሰዓት ሲቀር በቀጥታ አየር ላይ ነው። ካሜራ የሚቀይረውን ቁልፍ የሚጫነውማ ሌላ ባለሙያ ነው። የእሷ ሥራ ቀልዱ የሚፈነዳበትን ቅፅበት ቀድሞ ማወቅ ነው። ካሜራው የተዋናዩን ፊት ትንሽ ዘግይቶ ከያዘው፣ በቃ፣ ሳቁ ሞተ።

ወደ ድራማው የተሻገረችውም በዚሁ ችሎታ ይመስለኛል። "ሰርቲ ሮክ" የተባለው ተከታታይ ኮሜዲ ድራማ በ2010 አንድ ክፍሉን በቀጥታ ሲያስተላልፍ ዳይሬክተሯ እሷ ነበረች። ያውም በአንድ ምሽት ሁለቴ፤ አንዴ ለምሥራቅ፣ አንዴ ለምዕራብ አሜሪካ ተመልካች። ለማን ይሰጡታል ታዲያ?