ኮምፒውተር ፎርማት ከተደረገ በኋላ «ፈቃድ የለዎትም» እያሉ ስለሚያስቸግሩ ጌሞች

ጤና ይስጥልኝ ወንድማችን። ጥያቄዎን በጥሞና አንብቤዋለሁ። ኮምፒውተርዎ ፎርማት ተደርጎ ዊንዶውስ 11 እንደ አዲስ ከተጫነ በኋላ፣ በዲ ድራይቭ ላይ ሳይነኩ ከቀሩት ጌሞች አንዱ ገና ሲከፍቱት ዊንዶውስ ፋይሉ ላይ መድረስ እንዳልቻለና ምናልባት ፈቃድ እንደሌለዎት የሚገልጽ መልእክት ያመጣል፤ ሁለተኛው ይከፈታል፣ ነገር ግን የተጫወቱትን ሴቭ አያደርግም፤ በሲ ድራይቭ ላይ እንደ አዲስ የጫኑት ሦስተኛውና ቆየት ያለው ጌም ደግሞ በ«ራን አዝ አድሚኒስትሬተር» (ለፕሮግራሙ የአስተዳዳሪ ሥልጣን ሰጥቶ በመክፈት) ከፍተውት ሲገቡ የነበረው ሴቭ ሁሉ ጠፍቶ አገኙት። የዊንዶውስ አካውንትዎን ስም በአማርኛ ፊደል እንዳስገቡም በመጨረሻው መስመር ላይ እንደ ዋዛ ጠቅሰዋል። ከእኔ በፊት የመለሱት አባላት አንቲቫይረሱን እንዲያጠፉና ለመላው ዲ ድራይቭ «ኤቭሪዋን፣ ፉል ኮንትሮል» (ለማንም ሰው ሙሉ ፈቃድ) እንዲሰጡ መክረዋል። ሁለቱንም ለጊዜው አያድርጉ። የሦስቱ ጌሞች ችግር ላይ ላዩን ሲያዩት አንድ ይመስላል እንጂ መነሻው የተለያየ ነው፤ ለአንዱ የሚበጀው ለሌላው አይሠራም።

የሰዎችን ኮምፒውተር ሳስተካክል በተደጋጋሚ ያስተዋልኩት ነገር ቢኖር፣ አብዛኛው ሰው መልእክቱን እስከ መጨረሻው ሳያነብ ወደ መፍትሔ መሮጡን ነው። ፋይሉ የለም ማለትና ፋይሉ አለ ግን አይፈቀድልዎትም ማለት ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ፋይሉን ሌላ ፕሮግራም ይዞታል የሚለውም ራሱን የቻለ ነው፤ ብዙ ጊዜም በትክክል ሳይዘጋ ከኋላ ተደብቆ የቀረው ያው ጌም ስለሚሆን በታስክ ማናጀር ገብቶ መዝጋት ይበቃል። ፋይሉ ተበላሽቷል፣ ሊነበብም አይችልም የሚለው ደግሞ የዲስክ ጉዳይ ነው። ዲኤልኤል የተባሉት አጋዥ ፋይሎች ሲከለከሉ የሚመጣው መልእክት በቁጥር የተጻፈ ስለሆነ ግራ ያጋባል፤ መጨረሻው 0000022 የሆነው ኮድ በዊንዶውስ ቋንቋ «ተከልክሏል» ማለት ሲሆን፣ መጨረሻው 0000135 የሆነው ግን «የሚያስፈልገኝን አጋዥ ፋይል አላገኘሁም» ማለት ነውና ፈቃድ ቢጨመርለት ለውጥ አያመጣም።

ወደ መጀመሪያው ጌም ልምጣ። ዊንዶውስ ኤንቲኤፍኤስ በተባለው አሠራር በተዘጋጀ ድራይቭ ላይ የፋይልን ባለቤትና ባለፈቃድ የሚመዘግበው በስም ሳይሆን፣ ለእያንዳንዱ አካውንት ሲፈጠር በሚሰጠው ረጅም መለያ ቁጥር ነው። ስለዚህ ዊንዶውስን እንደ አዲስ ጭነው ያንኑ የድሮ ስምና ያንኑ የይለፍ ቃል ቢያስገቡም፣ ለዊንዶውስ እርስዎ ሌላ ሰው ነዎት። ነገሩ ቤቱ ተሽጦ ካርታው ገና በቀድሞው ባለቤት ስም እንዳለ ዓይነት ነው። ፎልደሩ ላይ በቀኝ ክሊክ «ፕሮፐርቲስ»፣ ከዚያ «ሴኩሪቲ» ብለው ሲገቡ፣ በስም ፈንታ በኤስ ፊደል የሚጀምር ረጅም ቁጥር ወይም «አንኖውን አካውንት» የሚል ጽሑፍ ካዩ አብዛኛውን ጊዜ የቀድሞው ዊንዶውስ ቅሪት ነው።

«ታዲያ ለምን አንዱ ጌም ብቻ? ሌሎቹም እኮ የቆዩት በዚያው ድራይቭ ነው» ሊሉ ይችላሉ። በድራይቩ ሥር በተራ መንገድ የተፈጠረ ፎልደር ፈቃዱን የሚወርሰው ከድራይቩ ነው፤ በዚያም «ዩዘርስ» እና «ኦተንቲኬትድ ዩዘርስ» የሚባሉት ቡድኖች ተመዝግበው ይገኛሉ። የእነዚህ ቡድኖች መለያ ቁጥር በየትኛውም ዊንዶውስ ላይ ያው አንድ ስለሆነ ከፎርማት በኋላም ይሠራል። ለአንድ አካውንት ብቻ ተብሎ ፈቃድ የተሰጠው ፎልደር ግን ከአካውንቱ ጋር አብሮ ይዘጋል። በዚያው ድራይቭ ውስጥ ከቦታ ቦታ «ሙቭ» የተደረገ ፎልደር የድሮ ፈቃዱን ይዞ እንደሚሄድ፣ «ኮፒ» የተደረገው ግን የአዲሱን ቦታ ፈቃድ እንደሚወርስ ማወቅም ይጠቅማል። ስለዚህ ፎልደሩ መነበብ ካልተከለከለና በድራይቩ ላይ በቂ ቦታ ካለ፣ ከሁሉ የቀለለውና ምንም የማያበላሸው መፍትሔ የጌሙን ፎልደር በዲ ድራይቭ ላይ አዲስ በፈጠሩት ሌላ ፎልደር ውስጥ ኮፒ አድርጎ ከዚያ መክፈት ነው።

ማንበብም ከተከለከለ ባለቤትነቱን መውሰድ ያስፈልጋል። በአድሚኒስትሬተር አካውንት ገብተው ከ«ሴኩሪቲ» ወደ «አድቫንስድ» ይሂዱ፤ ከላይ «ኦውነር» ከሚለው ጎን «ቼንጅ» የሚለውን ነክተው የአሁኑን አካውንትዎን ያስገቡ፤ በውስጡ ላሉትም ፎልደሮችና ፋይሎች ባለቤትነቱ እንዲቀየር የምትጠይቀዋን ትንሽ ሳጥን ምልክት ያድርጉባትና ያጽድቁ። ከዚያ መስኮቱን ዘግተው እንደገና ይክፈቱና የውርስ ፈቃዱ ተዘግቶ ከሆነ «ኢኔብል ኢንሄሪታንስ» የሚለውን ይንኩ። ባለቤትነት ብቻውን ፈቃድ አይደለም፤ ብዙዎች ይህን ሁለተኛውን ደረጃ ስለሚዘሉት ነው «ኦውነር ሆኜም አልከፈት አለኝ» የሚሉት። ይህን ሁሉ የሚያደርጉት በጌሙ ፎልደር ላይ ብቻ መሆኑን አደራ እላለሁ። በሲ ድራይቭ ራስጌ ላይ ወይም በዊንዶውስ ፎልደር ላይ መሞከር ኮምፒውተሩን ዳግም ለፎርማት ይዳርጋል፤ ከማይክሮሶፍት ስቶር የሚጫኑ መተግበሪያዎችና ጌሞች የሚቀመጡበትን «ዊንዶውስአፕስ» የተባለውን ስውር ፎልደርም እንዲሁ አይንኩት። ኤክስፋት ወይም ፋት32 በተባሉት ሌሎች አሠራሮች በተዘጋጀ ፍላሽ ላይ ደግሞ የፈቃድ መዝገብ ከነጭራሹ ስለሌለ፣ እዚያ «ሴኩሪቲ» የሚለውን ገጽ ቢፈልጉ አያገኙትም፤ ችግሩም ሌላ ቦታ ነው።

ያው መልእክት በአንቲቫይረስም ምክንያት ሊመጣ ይችላል። ባለቤትነት ከመቀየርዎ በፊት «ዊንዶውስ ሴኩሪቲ» ውስጥ «ፕሮቴክሽን ሂስትሪ» የሚለውን ይክፈቱና የጌሙ ማስጀመሪያ ፋይል ተይዞ እንደሆነ ይመልከቱ። በአገራችን አብዛኛው ጌም ከሱቅ በፍላሽና በሃርድ ዲስክ እየተገለበጠ የሚዞር፣ መቆለፊያው የተሰበረ ቅጂ በመሆኑ ይህ በጣም የተለመደ ነው። ሻጮች «የውሸት ማስጠንቀቂያ ነው፣ አጥፋው» ማለት ይቀናቸዋል። አንዳንዴ እውነታቸውን ነው፤ ነገር ግን ንጹሑን ከተበከለው በዓይን አይተው የሚለዩበት መንገድ የላቸውም፣ እኛም የለንም። በሕጋዊ መንገድ የተገዛ ጌም ከሆነ ያንን አንድ ፋይል ብቻ መልሰው ይፍቀዱለት። ካልሆነ ግን የባንክ መተግበሪያና የሥራ ሰነድ ባለበት ኮምፒውተር ላይ መከላከያውን ሙሉ በሙሉ አጥፍቶ መጫወት ለእኔ የሚዋጥ ምክር አይደለም። ጌሙ ስቲም ከተባለው የኢንተርኔት የጌም መሸጫ የተገዛ ከሆነ ደግሞ እንደገና ማውረድ አያስፈልግም፤ በስቲም ሴቲንግ «ስቶሬጅ» በሚለው ውስጥ የድሮውን ፎልደር አስመዝግበው «ቬሪፋይ ኢንተግሪቲ ኦፍ ጌም ፋይልስ» ቢሉት የጎደለውንና የተበላሸውን ብቻ ያወርዳል፤ በሞባይል ዳታ ለሚጠቀም ሰው ትልቅ እፎይታ ነው።

ሁለተኛው፣ ሴቭ የማያደርገው ጌም፣ ከአካውንትዎ ስም ጋር የተያያዘ ይመስለኛል። በዊንዶውስ ላይ ያለ ኢሜይል የሚከፈት አካውንት ሲፈጥሩ፣ ያስገቡት ስም «ዩዘርስ» በሚለው ፎልደር ውስጥ የግል ፎልደርዎ ስም ሆኖ ይቀራል። በማይክሮሶፍት አካውንት ሲገቡ ግን የፎልደሩ ስም ከኢሜይል አድራሻው የመጀመሪያ ፊደላት ስለሚወሰድ በላቲን ይሆናል። ብዙ ጌሞች ሴቭና ሴቲንግ የሚያስቀምጡት በዚህ የግል ፎልደር ሥር፣ በተለይም «ዶክመንትስ» ውስጥ ነው፤ ለምሳሌ ጂቲኤ ሳን አንድሪያስ የራሱን ፎልደር የሚፈጥረው እዚያ ነው። ቆየት ያሉ ጌሞች የተጻፉት ደግሞ የዓለምን ፊደላት በአንድ የያዘውን ዩኒኮድን ሳይሆን በአገር በአገር የተከፋፈለውን የድሮ የፊደል ሠንጠረዥ እንዲጠቀሙ ተደርገው ነው። ሩሲያኛም ግሪክኛም ዓረብኛም በዊንዶውስ ላይ የየራሳቸው ሠንጠረዥ ነበራቸው። የግዕዝ ፊደል ግን ወደ ዊንዶውስ የገባው በዩኒኮድ ብቻ ስለሆነ እንዲህ ያለ ሠንጠረዥ የለውም። ስለዚህ ጌሙ የፎልደሩን አድራሻ ሲጠይቅ የአማርኛ ስምዎ በጥያቄ ምልክቶች ተተክቶ ይደርሰዋል፤ የጥያቄ ምልክት ደግሞ በዊንዶውስ የፋይል ስም ውስጥ ጨርሶ የማይፈቀድ ስለሆነ ሴቭ ማድረጊያ ቦታ ያጣል። በፊደላችን መጻፍ ነውር የሆነብን ያህል ያናድዳል፣ ግን ጌሙን የሠሩት ሰዎች ካላደሱት በስተቀር እኛ ከውጭ የምናስተካክለው አይደለም።

ይህ መሆኑን ለማረጋገጥ በላቲን ፊደል የተሰየመ ሌላ አካውንት ፈጥረው ያንኑ ጌም ከዚያ ይክፈቱት። ሴቭ ካደረገ ምክንያቱ ታወቀ ማለት ነው፤ መፍትሔውም በዚያው አካውንት መጫወት ነው። የአሁኑን አካውንት ስም ከሴቲንግ ገብተው ቢቀይሩት አይጠቅምዎትም፣ ምክንያቱም የሚቀየረው በመግቢያው ገጽ ላይ የሚታየው ስም እንጂ የፎልደሩ ስም አይደለም። በቋንቋና አገር ሴቲንግ ውስጥ «ዩቲኤፍ 8» የተባለው የዩኒኮድ አጻጻፍ ለመላው ሲስተም እንዲሠራ የሚያደርግ፣ ገና «ቤታ» የሚል ምልክት ያለበት አማራጭም አለ። ለአንዳንድ ጌሞች ይሠራል፤ ነገር ግን ሌሎች የቆዩ ፕሮግራሞችን ሊያናጋ ስለሚችል የመጀመሪያ ምርጫዬ አላደርገውም። የጌሞቹን ፎልደርም በአማርኛ አይሰይሙት።

በአዲሱ አካውንትም ሴቭ እንቢ ካለ፣ «ኮንትሮልድ ፎልደር አክሰስ» የተባለውን መከላከያ ይመልከቱ። እ.ኤ.አ. በ2017 በዊንዶውስ 10 ላይ የተጨመረ ሲሆን፣ ፋይል ቆልፈው ገንዘብ ከሚጠይቁ ቫይረሶች ለመጠበቅ ሲባል የማያውቃቸው ፕሮግራሞች «ዶክመንትስ»ን በመሳሰሉ ፎልደሮች ላይ እንዳይጽፉ ይከለክላል። በተፈጥሮው ጠፍቶ የሚመጣ ቢሆንም፣ ፎርማት ያደረገልዎት ባለሙያ አብርቶት ሊሆን ይችላል። «ራንሰምዌር ፕሮቴክሽን» በሚለው ገጽ ያገኙታል፤ ማጥፋት ሳያስፈልግ ጌሙን ብቻ ከሚፈቀዱት ዝርዝር ውስጥ ይጨምሩት። «ዶክመንትስ» የማይክሮሶፍት የኢንተርኔት ፋይል ማስቀመጫ በሆነው በዋንድራይቭ ሥር ገብቶ ከሆነም ሴቩ ኢንተርኔት ላይ ብቻ ቀርቶ ኮምፒውተሩ ላይ ስሙ ብቻ የሚታይበት ጊዜ አለ፤ ፎልደሩን በቀኝ ክሊክ «ኦልዌይስ ኪፕ ኦን ዚስ ዲቫይስ» ማለት ይበቃል።

የሦስተኛው ጌም ሴቭ አልጠፋም፤ ይህን በድፍረት የምናገረው ምልክቱ በጣም የታወቀ ስለሆነ ነው። ከዊንዶውስ ቪስታ ወዲህ፣ ማለትም እ.ኤ.አ. ከ2007 ጀምሮ፣ ተራ ፕሮግራም በ«ፕሮግራም ፋይልስ» ውስጥ እንዲጽፍ አይፈቀድለትም። የድሮ ጌሞች ግን ሴቫቸውን የሚጽፉት በተጫኑበት ፎልደር ውስጥ ነበር። ማይክሮሶፍት እነዚህ ጌሞች እንዳይሰናከሉ ብሎ ባለ 32 ቢት የሆኑትንና አዲሱን አሠራር የማያውቁትን ፕሮግራሞች በዘዴ ያታልላቸዋል፦ ጌሙ በ«ፕሮግራም ፋይልስ» ውስጥ የጻፈ ሲመስለው፣ ፋይሉ በእርስዎ የግል ፎልደር ውስጥ «አፕዳታ»፣ ከዚያ «ሎካል»፣ ከዚያ «ቨርቹዋልስቶር» በሚባል ቦታ ይቀመጣል። በ«ራን አዝ አድሚኒስትሬተር» ሲከፍቱት ግን ማታለሉ ይቀራል፤ ጌሙ እውነተኛውን ፎልደር ያያል፣ እዚያ ደግሞ ምንም የለም። አድሚኒስትሬተርነቱን ትተው በተራው መንገድ ቢከፍቱት ሴቭዎ ተመልሶ ይመጣል። ከዚህ በኋላ እንዳይደገም ከፈለጉ ጌሙን ከ«ፕሮግራም ፋይልስ» ውጭ፣ ለምሳሌ በዲ ድራይቭ ላይ፣ እንደገና ይጫኑትና የሴቭ ፋይሎቹን ከ«ቨርቹዋልስቶር» ገልብጠው ያስገቡለት። «አፕዳታ» ስውር ስለሆነ በፋይል ኤክስፕሎረር «ቪው»፣ «ሾው»፣ «ሂደን አይተምስ» ማለት ያስፈልጋል። በዚህ ምክንያት ነው «ራን አዝ አድሚኒስትሬተር»ን እንደ መድኃኒት ሳይሆን እንደ መመርመሪያ ብቻ የማየው፤ በእርሱ ከተከፈተ የፈቃድ ችግር መሆኑን ነግሮናልና ከዚያ በኋላ ፈቃዱን በቦታው ማስተካከል ነው።

መብራት ድንገት ከጠፋ በኋላ የጀመረ ችግር ካለ ደግሞ ፈቃድ ላይ ጊዜ አያጥፉ። የድራይቩን «ፕሮፐርቲስ»፣ «ቱልስ»፣ «ቼክ» በሚለው ያስመርምሩት፤ ሃርድ ዲስኩ ድምፅ የሚያሰማ ወይም በጣም የዘገየ ከሆነ ግን ከምርመራው በፊት ሴቭዎንና ሰነዶችዎን ወደ ሌላ ዲስክ ያውጡ።

ይህ ሁሉ ተሞክሮ አሁንም አንዱ ጌም ከተከለከለ፣ ማይክሮሶፍት በነፃ የሚሰጠውን «ፕሮሰስ ሞኒተር» ያውርዱ። ጌሙ የሚነካቸውን ፋይሎች በሙሉ በሰከንዶች ውስጥ ስለሚዘረዝር መጀመሪያ ያስደነግጣል። «ፊልተር» ውስጥ ገብተው የጌሙን ማስጀመሪያ ፋይል ስም ብቻ እንዲያሳይ፣ ውጤቱም «አክሰስ ዲናይድ» የሆነውን ብቻ እንዲለይ ያድርጉት። «ኔም ኖት ፋውንድ» የሚሉ ብዙ መስመሮችን ያያሉ፤ ፕሮግራሞች አንድን ፋይል በተለያየ ቦታ መፈለጋቸው የተለመደ ነውና እነርሱን ይለፏቸው። ጌሙ ከመዘጋቱ ጥቂት ቀደም ብሎ የሚታየውን የተከለከለ ፋይል ሙሉ አድራሻ፣ ከመልእክቱ ፎቶና ድራይቩ ኤንቲኤፍኤስ ይሁን ኤክስፋት ከሚለው መረጃ ጋር እዚህ ቢያስቀምጡልን፣ ቀጣዩን በእርሱ ላይ ተመሥርቼ እመልስልዎታለሁ።