«ዱካ ሳይተው»፦ ስለ ጠፋው የ1918 አኒሜሽን ጠይቁኝ

ሰላም ወገኖች። ዛሬ ስለ አርጀንቲናዊው የአኒሜሽን ሠሪ ኩዊሪኖ ክርስቲያኒና ስለ ፊልሙ «ሲን ዴሃር ራስትሮስ» የፈለጋችሁትን ጠይቁ። የስሙ ትርጉም «ዱካ ሳይተው» ነው። ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው።

ጥያቄ፦ በምንድን ነው የሚያሾፈው?

መልስ፦ በአንደኛው የዓለም ጦርነት በተካሄደው የጀርመን የባሕር ሰርጓጅ ዘመቻ። በ1917 መጀመሪያ ጀርመን ያገኘችውን የንግድ መርከብ ሁሉ ማስመጥ ጀመረች። አርጀንቲና ገለልተኛ ብትሆንም አልተረፈችም፤ «ሞንቴ ፕሮቴሂዶ» የምትባል መርከቧ ሰጠመች። በዚህ መሃል ቦነስ አይረስ የተቀመጠው የጀርመን ልዑክ ካውንት ሉክስበርግ ለበርሊን በምስጢር ቴሌግራም ይልካል፦ የአርጀንቲናን መርከቦች ወይ መልሷቸው፣ ወይ አሳልፏቸው፣ ካልሆነ ዱካ ሳትተዉ አስምጧቸው። አይገርምም? በሌላኛው ቴሌግራም ደግሞ የአገሪቱን የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር «የታወቀ አህያ» ብሎታል። መልእክቶቹ የሚሄዱት በስዊድን ዲፕሎማቶች በኩል ነበር፤ እንግሊዞች ጠልፈው ፈቷቸው፣ አሜሪካ በሴፕቴምበር ለጋዜጣ ለቀቀቻቸው። ከዚያማ ከተማው ተቀወጠ፣ የጀርመኖች ክበብ ነደደ፣ ሰውዬውም ተባረረ።

ጥያቄ፦ ታዲያ የተሾፈው በጀርመን ነው። የአርጀንቲና መንግሥት ፊልሙን ለምን ወረሰው?

መልስ፦ ጥሩ ጥያቄ ነው ወንድሜ። ፕሬዚዳንት ኢሪጎየን ያ ሁሉ ሆኖም ከገለልተኝነቱ ፍንክች አላለም። የሰጠመ መርከብ በሲኒማ እየታየ ሕዝቡ እንደገና እንዲነሳ አይፈልግም። ስለዚህ ፊልሙ ወጥቶ ብዙም ሳይቆይ ተያዘ። ነገሩን የሚያስቀው፣ ከሱ አንድ ዓመት ቀድሞ የወጣው የክርስቲያኒ ፊልም «ኤል አፖስቶል» በራሱ በኢሪጎየን ላይ ነበር የሚያላግጠው፣ ያ ፊልም ግን በደንብ ታይቷል!

ጥያቄ፦ በዚያ ዘመን እንዴት ነው የሠሩት?

መልስ፦ በካርቶን። ጭንቅላቱ ለብቻ፣ ክንዱ ለብቻ፣ እግሩ ለብቻ ይቆረጣል። ተገጣጥሞ ይነጠፍና ካሜራው ከላይ አንድ ፎቶ ያነሳል፤ ክንዱ ትንሽ ገፋ ይደረጋል፣ ሌላ ፎቶ። ለ«ኤል አፖስቶል» 58,000 ያህል ምስል ተነስቷል። ክርስቲያኒ ያኔ ገና 21 ዓመቱ ነበር፤ እኔ በዚያ ዕድሜ ፎቶ እንኳ ቀጥ አድርጌ ማንሳት አልችልም ነበር።

ጥያቄ፦ የመጀመሪያው ረጅም አኒሜሽን የዲዝኒ አይደለም እንዴ?

መልስ፦ አይደለም። «ስኖው ዋይት» 1937 ነው፣ «ኤል አፖስቶል» 1917።

ጥያቄ፦ ፊልሞቹ ዩቲዩብ ላይ አሉ?

መልስ፦ የሉም እህቴ። «ኤል አፖስቶል» በ1926 የፕሮዲዩሰሩ የፌዴሪኮ ቫዬ ስቱዲዮ ሲቃጠል አብሮ ነደደ። በ1931 የወጣው ባለድምፁ የክርስቲያኒ ፊልም «ፔሉዶፖሊስ»ም ኋላ በእሳት ጠፋ። እሱማ ሲጀመርም ዕድል አልነበረውም፤ ኢሪጎየንን ሊቀልዱበት ሲሠሩት ሰውዬው በ1930 በመፈንቅለ መንግሥት ወረደና ታሪኩን መሃል ላይ መቀየር ግድ ሆነ።