ዋራዝ በሦስት ቀን፦ አዲስ አበባ ማደግህን እርሳው

ወንድሜ፣ ጥያቄህን አየሁት። ነሐሴ ላይ ከሲያትል ፔሩ፣ ሊማ እሄዳለሁ፣ ሦስት ቀን ተርፎኛል፣ ተራራ ላይ ያለችው ዋራዝ ከተማ ወጥቼ የበረዶ ግግሩንና ሐይቆቹን በአስጎብኚ ማየት እፈልጋለሁ፣ እናቴም አብራኝ አለች፣ አዲስ አበባ ስላደግኩ ከፍታው አያስቸግረኝም አይደል፣ ጉብኝቱንስ እዚህ ሆኜ ልክፈል ወይስ እዚያ ስደርስ? ነው ያልከው። ከላይ "ዝም ብለህ ሂድ፣ ሀበሻ ተራራ አይፈራም" እያሉ የመለሱልህ ሰዎች አንዳቸውም እዚያ የረገጡ አይመስለኝም። እኔ ረግጫለሁ። ስለዚህ ትንሽ ላስረዝምብህ ነው። ስለ ሻንጣና ስለ አውሮፕላን ቲኬት አልጽፍም፣ እሱን አታጣውም።

1. አዲስ አበባ ማደግህን እርሳው። አዲስ አበባ 2,400 ሜትር አካባቢ ነች። ዋራዝ ከተማው ራሱ ከ3,000 ሜትር በላይ ነው፣ ገና አልጋህ ላይ ሳለህ እንጦጦ ጫፍ ደርሰሃል ማለት ነው። ላጉና 69 የሚሉት ሐይቅ 4,600 ሜትር ላይ ነው። ራስ ዳሸን ራሱ 4,550 አካባቢ ነው፣ እንግዲህ አስበው፤ ሐይቁ ከኛ ተራራ ጫፍ ይበልጣል። ፓስቶሩሪ የሚባለው ግግር ደግሞ 5,000 ሜትር ይነካል። እዚያ የምትስበው ኦክስጅን ባሕር ዳርቻ ላይ ከምትስበው ከግማሽ ብዙም አያልፍም። ሲያትል ስንት ዓመት ኖርክ? ሰውነት የለመደውን ከፍታ በሳምንታት ውስጥ ይረሳዋል። እንዲያውም ደጋ ተወልደው ዝቅ ያለ አገር ከከረሙ በኋላ ሲመለሱ ሳንባቸው ውሃ የሚቋጥርባቸው ሰዎች አሉ፣ ሐኪሞች በደንብ የሚያውቁት ነገር ነው። ስለዚህ ዘር ቆጥረህ አትውጣ።

2. የቀኑን ቅደም ተከተል ኤጀንሲው እንዳይወስንልህ። ሌላውን ሁሉ ብትዘልል ይቺን አትዝለል።

እኛ የከፈልነው ኢንተርኔት ላይ ነው፣ ሙሉውን፣ ከዚህ ሆነን። ስምምነቱ የመጀመሪያው ቀን ዕረፍት፣ ቀጥሎ ያንጋኑኮ ሐይቆች፣ መጨረሻ ላይ ፓስቶሩሪ ነበር። ከሊማ የሌሊቱን አውቶቡስ ይዘን፣ ስምንት ሰዓት ያህል ነው፣ ጠዋት ዋራዝ ገባን። እንቅልፍ የለ፣ ቁርስ የለ። የኤጀንሲው ሰውዬ ስማችንን የጻፈበት ወረቀት ይዞ መናኸሪያው በር ላይ ቆሟል። እኔ ደግሞ ደስ አለኝ፣ እንዴት ያለ መስተንግዶ ነው ብዬ። ለካ ጉድ ይዞ ነው የመጣው። "ለፓስቶሩሪ ቀን ሰው አልሞላም፣ ስለዚህ ዛሬ ነው የምትሄዱት" አለን። አይሆንም አልኩ። ከየት ናችሁ አለ። ኢትዮጵያ ስንለው ትከሻችንን መታ መታ አድርጎ "ኢትዮጵያ! ማራቶን! እናንተማ ምንም አትሆኑም!" አይል መሰለህ። ጓደኛዬ ደግሞ የደብረ ብርሃን ልጅ ነው፣ ይቺን ሲሰማ ደረቱን ነፋ። "አንተ ደግሞ አታካብድ፣ በቃ እንሂድ" አለኝ። ሁለት ለአንድ ሆኑብኝ።

ጠዋት 3 ሰዓት ላይ ወጣን። መንገዱ ላይ ፓቶኮቻ የምትባል ሐይቅ አለች፣ እዚያ ያቆማሉ፣ ከዚያ ከመሬት እንደ አምቦ ውሃ እየተንተከተከ የሚወጣ ምንጭ ያሳዩሃል። ፑያ ራይሞንዲ የሚሉት ተክልም አለ፣ ሰሜን ተራሮች ላይ ጅባራ አይተህ ከሆነ ቆም ብለህ ታየዋለህ። ዘመድ አይደሉም ግን ጠባያቸው አንድ ነው፣ በዕድሜው አንዴ ያብባል፣ ከዚያ ይሞታል። የነሱ አበባውን ሲያወጣ 10 ሜትር ይደርሳል። ጓደኛዬ እዚያ ድረስ እየቀለደ ነበር።

መኪናው መጨረሻ የሚቆምበት ቦታ ስንደርስ ዝም አለ። ጃኬቱን ሊቆልፍ ዚፑን ይዞ ይታገላል፣ ጣቱ አልታዘዝ ብሎታል። ከንፈሩ ጠቁሯል። ሁለት እርምጃ ሄዶ ድንጋይ ላይ ቁጭ አለና አስመለሰው። አስጎብኚው መጣ፣ መዳፉ ላይ አልኮል አፍስሶ "አሽትት" አለው። እዚያ ሁሉም የሚያደርጉት ነገር ነው፣ ለጊዜው ያነቃል እንጂ መድኃኒት አይደለም። ኦክስጅን አለ ተብሎ የለ፣ አምጣ አልኩት። ከወንበር ሥር ትንሽ አረንጓዴ ሲሊንደር አወጣ። ጠቋሚዋ መርፌ ዜሮ ላይ ተኝታለች። ወዘወዛት። የኦክስጅን ጠርሙስ ይወዘወዛል እንዴ? ሳቄም ንዴቴም አንድ ላይ መጣ።

ውረዱ አልኩ፣ የከፍታ ሕመም መድኃኒቱ መውረድ ነው። ሹፌሩ "ሌሎቹ ግግሩን አይተው እስኪመለሱ መጠበቅ አለባችሁ" አለ። ሁለት ሰዓት! በመጨረሻ ሌላ ቡድን ይዞ የመጣ መኪና ወደ ታች ሲመለስ ለምነን፣ 200 ሶል (የፔሩ ገንዘብ ነው) ከኪሳችን ከፍለን ወረድን። ካታክ የምትባለዋ ከተማ ስንደርስ ጓደኛዬ ቀና ብሎ "ሾርባ የለም?" አለ። ያን ጊዜ ነው እኔም መተንፈስ የጀመርኩት። ፓስቶሩሪን ያየሁት በኋላ ሌላ ቀን ብቻዬን ተመልሼ ነው።

አሁን ወደ ቢሮው ልምጣልህ። በማግስቱ ገንዘባችንን ልንጠይቅ ሄድን። ጠረጴዛው ጋ ያለችው ሴትዮ ስልኳን ሳታስቀምጥ፣ አይኗንም ሳታነሳ፣ "ጓደኛህ ጤነኛ አልነበረም፣ የእኛ ጥፋት አይደለም" አለች። እሺ፣ ያንጋኑኮንስ ልንሄድ አንችልም፣ መልሺልን ስላት "ከ24 ሰዓት በፊት አልሰረዛችሁም" አለች። ቀኑን ያገለባበጡት እነሱ፣ ያልሰረዝነው እኛ! ስፓኒሽ እንደማንችል ሲገባት ጭራሽ ፊቷን አዞረች።

ከዚያ ዋናው አደባባይ አጠገብ አይፔሩ የሚባል የመንግሥት የቱሪስት መረጃ ቢሮ አለ፣ ነጻ ነው፣ እንግሊዝኛም ያናግሩሃል፣ እዚያ ገባሁ። እግዜር ይስጣቸው። "ሊብሮ ዴ ሬክላማሲዮኔስ ጠይቅ" አሉኝ። የቅሬታ መዝገብ ነው። ፔሩ ውስጥ በሩን ለደንበኛ የከፈተ ድርጅት ሁሉ ይህን መዝገብ እንዲይዝ፣ መኖሩንም በማስታወቂያ እንዲለጥፍ በሕግ ይገደዳል። የሚቆጣጠረው ኢንዴኮፒ የሚባል መሥሪያ ቤት ነው፣ ቅጣትም አለው። ተመልሼ ሄድኩ። ማስታወቂያው እውነትም ግድግዳው ላይ አለ፣ በቀን መቁጠሪያ ተጋርዶ። በጣቴ እያሳየሁ ሦስቱን ቃል ብቻ አልኳት። ስልኩ ተቀመጠ። ወንበር ተሳበልን። አለቃዋ ከጓዳ ወጣ። የያንጋኑኮው ሙሉ፣ የመኪናው ኪራይ ደግሞ ግማሹ ተመለሰልን። ሀበሻ ዝም ብሎ ይሄዳል ብለው ከሆነ ተሳስተዋል። ሦስቱን ቃል ከአሁኑ ሸምድዳቸው።

ስንት ላይ ደረስኩ? 3 ይሁን። ከዚህ ሆነህ አትክፈል። ዋራዝ መንገድ ላይ ኤጀንሲ በሽ ነው፣ የቡድን ጉብኝት እኔ ስሄድ 50 ሶል አካባቢ ነበር፣ ከዚህ ስትከፍል ግን ያንኑ መኪና በብዙ እጥፍ ነው የሚሸጡልህ። ደግሞ አብዛኞቹ የራሳቸው መኪና የላቸውም፣ ደንበኛ ሰብስበው ለአንዱ ነው የሚያስረክቡት። መኪናው የማን ነው ብለህ ጠይቅ፣ ቀኑን ደረሰኝ ላይ አስጽፍ፣ ኦክስጅኑንም ከመሳፈርህ በፊት አሳየኝ በል፣ መርፌዋን ራስህ እያት። "ሁሉንም ያካተተ" ቢሉህ ብዙ ጊዜ የፓርኩን መግቢያና ምሳውን አያካትትም። እነዚህ ሐይቆችና ግግሩ ያሉበት ዋስካራን ብሔራዊ ፓርክ እኔ ስሄድ ለቀን 30 ሶል፣ ለሦስት ቀን 60 ሶል ነበር። ጥሬ ገንዘብ ያዝ፣ በሩ ላይ ካርድህን እንዳታወጣ።

የኮካ ሻይ ነገር። ሆቴል ስትገባ ገና ሻንጣህን ሳታስቀምጥ ያቀርቡልሃል፣ ለከፍታው ይረዳል ይሉሃል። አንተም እንደኛ ትራክ የምትነዳ ከሆነ እንዳትነካው። አንድ ሲኒ ጠጥተህ የዲኦቲ (የአሜሪካ ትራንስፖርት መሥሪያ ቤት) የሽንት ምርመራ ቢጠሩህ ኮኬይን ብሎ ነው የሚወጣው፣ "ሻይ ነው የጠጣሁት" ብትል ማንም አይሰማህም፣ ሲዲኤልህን፣ የትራክ መንጃ ፈቃድህን፣ ደህና ሰንብት በለው። ለሰው ስጦታ ብለህም ሻንጣ ውስጥ እንዳትከት፣ አሜሪካ ማስገባት ክልክል ነው። ሙኛ የሚሉት ቅጠል አላቸው፣ ሽታው ወደ ናና ይጠጋል፣ እሱን ጠጣ። ዳያሞክስ የሚባለውን የከፍታ ሕመም መከላከያ ኪኒን ደግሞ ከመሄድህ በፊት ሐኪምህን አናግረው፣ ካዘዘልህ የሚጀመረው ከመውጣትህ አንድ ቀን ቀደም ብሎ ነው። ሰልፋ የሚባለው የመድኃኒት ዓይነት የማይስማማህ ከሆነ ንገረው። ጣትህን ይነዝርሃል፣ ሽንት ያመላልስሃል፣ ኮካ ኮላም ጣዕሙ ይጠፋብሃል፣ አትደንግጥ።

ነሐሴ ጥሩ መርጠሃል፣ እዚያ በጋ ነው፣ ሰማዩ ጥርት ያለ ነው። ሌሊቱ ግን ይቀዘቅዛል፣ ቀን ደግሞ ፀሐዩ ከንፈር ይሰነጥቃል፣ መነጽርና ቅባት ያዝ። ፍልሰታን የምትጾሙ ከሆነ ግን አስቡበት። ለምሳ የሚቆመው ከጉብኝቱ በኋላ፣ 9 እና 10 ሰዓት ላይ ነው፣ በባዶ ሆድና በውሃ ጥም 5,000 ሜትር መውጣት ቀልድ አይደለም። ለጾም የሚሆን ምግብ ራሱ አይጠፋም፣ ድንች አለ፣ ኪኑዋ የሚሉት እህል አለ፣ ካንቻ የሚሉት የበቆሎ ቆሎ በየሱቁ አለ። ሾርባ ስታዝ ግን ሥጋ የለበትም ቢሉህም መረቁን ጠይቅ።

የቀኑን ነገር እኔ ብሆን እንዲህ ነው የማደርገው። የደረስክበት ቀን ምንም የለም፣ ከተማውን ቀስ ብለህ ዙር፣ ቀለል ያለ ነገር ብላ፣ ተኛ። በማግስቱ ያንጋኑኮ። በሦስተኛው ፓስቶሩሪ፣ ጠዋት ስትነሳ ራስህን ካላመመህ ብቻ። ላጉና 69ን ተወው። አውቃለሁ፣ ፎቶውን አይተህ ነው ይህን ሁሉ ያሰብከው፣ እውነትም ውሃው ሰማያዊ ቀለም የደፉበት ይመስላል፣ ከላዩ የቻክራራሁ ተራራ በረዶ ተንጠልጥሏል። ግን ከሌሊቱ 11 ሰዓት ትነሳለህ፣ መኪና ረጅም ሰዓት ትቀመጣለህ፣ ከዚያ ደርሶ መልስ 14 ኪሎ ሜትር ያህል በእግር ነው፣ መጨረሻ ላይ ያለው ጠመዝማዛ አቀበት ደግሞ ጉልበትህን ይጨርስሃል። አስጎብኚው ሰዓት አስቀምጦ ነው የሚነዳህ፣ የዘገየውን ሐይቁን ሳያይ ይመልሱታል። አንድ ቀን መጨመር ከቻልክ ጨምርና ሂድበት፣ ከእናትህ ጋር ግን አይታሰብም።

ፓስቶሩሪን ስታይ ብዙ አትጠብቅ። ድሮ ስኪ የሚንሸራተቱበት ነበር፣ አሁን ግማሹ እንኳን አልቀረም። በረዶው ላይ መውጣት ተከልክሏል፣ ራቅ ብለህ ነው የምታየው። የጉብኝት መንገዱን ራሱን የአየር ንብረት ለውጥ መንገድ ብለውታል። እኔን ግን ከሐይቆቹ ሁሉ ይበልጥ የያዘኝ እሱ ነው፣ አያጽናናም ግን ታየዋለህ።

ወደ ያንጋኑኮ ስትሄድ ዩንጋይ ላይ ካላቆሙ አቁሙ በል። አሮጌው ከተማ መሬት ሥር ነው ያለው። እ.ኤ.አ. ግንቦት 31 ቀን 1970 የመሬት መንቀጥቀጡ ከዋስካራን ተራራ ጫፍ በረዶና ድንጋይ አውርዶ በደቂቃዎች ውስጥ ከተማውን ከነሰዉ ቀበረው። ከተረፉት መካከል ወደ መቃብር ቦታው ኮረብታ ሮጠው የወጡ ይገኙበታል። እኛ ጋ የነበሩ ልጆች እዚያ እየሳቁ ሰልፊ ሲነሱ አስጎብኚው ምንም አላላቸውም፣ ተናደድኩ።

የእናትህ ነገር። ግፊት ወይም ልብ ካለባት መጀመሪያ ሐኪሟ ይወስን፣ የኔን አትስማ። ደህና ከሆነች ያንጋኑኮ ውሰዳት፣ 3,850 ሜትር አካባቢ ነው፣ መኪናው ውሃው ዳር ድረስ ይገባል፣ ቺናንኮቻ በሚባለው ሐይቅ ላይ በመቅዘፊያ የሚሄድ ትንሽ ጀልባ በጥቂት ሶል ያዞሯታል። ፓስቶሩሪን ካላየሁ ካለችህ ፈረስ ይከራያል፣ ግን የመንገዱን ከፊል ብቻ ነው የሚያደርሰው፣ አየሩም ለባለ ፈረስ ብሎ አይጨምርም። እሷ ዋራዝ ሆቴል ትቅር፣ አንተ ሂድ። አውቶቡሱ ባለ ሁለት ፎቅ ነው፣ ታችኛውን ቁረጥላት፣ ዋጋው ትንሽ ይጨምራል ግን ደረጃ የለውም፣ ወንበሩም ወደ ኋላ በደንብ ይተኛል። ከቻልክ ደግሞ የቀኑን ያዝ፣ ሌሊት እንቅልፍ ታገኛላችሁ።