መልስ፦ ከቫይኪንጎች በፊት ዴንማርክ ማን ነበረ?

ወንድሜ፣ «ከቫይኪንጎች በፊት ዴንማርክ ባዶ ነበረች ወይ?» ላልከው፣ ኧረ በጭራሽ! ቫይኪንጎቹማ (ከሺህ ዓመት ገደማ በፊት የነበሩት የሰሜን አውሮፓ ባሕረኞች) የትናንት ሰዎች ናቸው። የበረዶ ዘመኑ ግግር በረዶ ሲቀልጥ መጀመሪያ የገቡት አጋዘን የሚከተሉ አዳኞች ናቸው። እርሻ የመጣው ከክርስቶስ ልደት በፊት 4000 ዓመት ገደማ ነው።

እኔን የሚገርመኝ ግን ሎላንድ በምትባል የዴንማርክ ደሴት ላይ የተገኘው ማስቲካ ነው። አዎ፣ ማስቲካ! ከዛሬ 5700 ዓመት ገደማ በፊት አንዲት ሴት ያኘከችው፣ ከበርች ዛፍ ቅርፊት በእሳት የሚወጣ ሙጫ ነው። በፈረንጆቹ 2019 የወጣ ጥናት ሙሉ ዲኤንኤዋን ከዚያ ላይ አነበበ። ቆዳዋ ጠቆር ያለ፣ ፀጉሯ ጥቁር ቡናማ፣ ዓይኗ ሰማያዊ እንደነበረ ይገመታል። የዳክዬ ዲኤንኤም ተገኝቶበታል፤ ምሳዋ ሳይሆን አይቀርም። አጥንቷ ግን አልተገኘም።