መልስ፦ የትርፍ ሰዓት ክፍያዬ ልክ ነው?

እህቴ፣ ልክ አይደለም። ድሬዳዋ መልካ ጀብዱ ልብስ ስፌት ፋብሪካ፣ የወር ደመወዝ 5,200 ብር፣ ትርፍ ሰዓት ከምሽቱ 4 ሰዓት በፊት 10 ሰዓት፣ ከዚያ በኋላ 6 ሰዓት፣ ለትርፍ ሰዓቱ የተከፈለሽ 346.67 ብር ብለሻል። ስህተቱ ከቁጥሩ ይታያል፦ 5,200ን ለ240 (30 ቀን በ8 ሰዓት) አካፍለው፣ ያለ ጭማሪ በ16 አባዝተውታል።

የሳምንቱ መደበኛ ሥራ 48 ሰዓት ነው። በ52 ሳምንት አባዝተሽ ለ12 ስታካፍዪ በወር 208 ይመጣል፤ የአንድ ሰዓትሽ ዋጋ 25 ብር ነው። እሑዶቹን ጨምሮ ለ240 ማካፈል ወደ 21.67 ያወርደዋል፤ ብዙ ሰው ሳያውቅ የሚበላው እዚህ ላይ ነው። በአዋጅ ቁጥር 1156/2011 ደግሞ ከጠዋቱ 12 እስከ ምሽቱ 4 ሰዓት በ1.5፣ ከዚያ እስከ ንጋቱ 12 በ1.75፣ በሳምንት እረፍት ቀን በ2፣ በሕዝብ በዓል በ2.5 ይባዛል። ስለዚህ 10 ሰዓቱ በ25 ብር በ1.5 ሲባዛ 375፣ 6 ሰዓቱ በ25 ብር በ1.75 ሲባዛ 262.50፣ በጠቅላላው 637.50 ብር። 290.83 ብር ቀርቶብሻል።

ጡረታ 7 በመቶ የሚቆረጠው ከመደበኛው ደመወዝ ብቻ ነው፣ 364 ብር። ከትርፍ ሰዓቱም ከቆረጡ አስመልሺ። የሥራ ግብር ግን ከድምሩ ላይ ይታሰባል።

እባክሽ አታዘግዪው፤ የትርፍ ሰዓት ጥያቄ በ6 ወር በይርጋ (የመጠየቂያ ጊዜው በማለፉ) ይታገዳል፤ ለሱፐርቫይዘር በቃል መንገር ይርጋውን አያቆመውም። ለሰው ኃይል ክፍል በጽሑፍ አስገቢና ቅጂሽ ላይ አስፈርሚ። ካልመለሱልሽ ለከተማው አስተዳደር የሥራ ሁኔታ ተቆጣጣሪ አመልክቺ። የደመወዝ ስሊፕሽንና የመግቢያ መውጫ ሰዓት መዝገቡን ከአሁኑ በስልክሽ ፎቶ አንሺ።